ቫርኒሽ የጠጣ ጨርቅ ክብሪት አይፈልግም

ደሴም ሆነ ኮምቦልቻ የእንጨት ሥራ ቤት ስገባ ዓይኔ ቀድሞ ጥግ ጥጉን ያያል። ቁምሳጥኑ ተቀብቶ ሲያልቅ ቫርኒሽ የተቀባበት ጨርቅ ተጨማዶ ሰጋቱራ ላይ ይወረወራል። ይሄ ጨርቅ በራሱ ሊነድ ይችላል ብዬ ስናገር የሚሰጡኝ መልሶች ይመሳሰላሉ።

«ክብሪት ሳይነካው ከየት ይነዳል?»

ትልቁ ስህተት ይሄ ነው። የተልባ ዘይት ያለበት ቫርኒሽ እንደ ውሃ ተንኖ ብቻ አይደርቅም። ዘይቱ ከአየር ላይ ኦክስጅን እየሳበ ነው የሚጠነክረው፤ በዚያው ልክ ሙቀት ያወጣል። ጣውላ ላይ በስሱ ሲቀባ ሙቀቱ ወዲያው ይበተናል። የተጨማደደ ጨርቅ ውስጥ ግን ይታፈናል። በጋለ ቁጥር ዘይቱ ይፈጥናል፣ ዘይቱ በፈጠነ ቁጥር ይበልጥ ይግላል። ከጥቂት ሰዓታት በኋላ፣ ሠራተኛው ቆልፎ ከሄደ ወዲያ፣ ሊጨስና ሊነድ ይችላል። እ.ኤ.አ. በ1991 አሜሪካ ፊላደልፊያ ውስጥ የነበረን ባለ 38 ፎቅ ሕንጻ ያቃጠለው እሳት የተነሳው 22ኛው ፎቅ ላይ ከተተወ የተልባ ዘይት ከነካው ጨርቅ ነው። 3 የእሳት አደጋ ሠራተኞች ሞተውበታል።

«ደሴ ብርድ ነው፣ እዚህ አይሆንም»

ሙቀቱ የሚመጣው ከራሱ ከጨርቁ ውስጥ ነው። ጦሳ ተራራ ሥር ብርዱ ባየለበት ጠዋት የፍግ ክምር ሲጨስ አይታችሁ የለ? እዚያ ሥራውን የሚሠሩት በዓይን የማይታዩ ጥቃቅን ተሕዋስያን ናቸው፣ ምክንያቱ ይለያል። ክምር ሙቀት ማፈኑ ግን ያው ነው። ኮምቦልቻ ቆላ ቀመስ ስለሆነ ደግሞ የባሰ ነው።

«ማዳበሪያ ከረጢት ውስጥ አስሬ እጥለዋለሁ»

ይሄማ ማሞቅ ነው። ጨርቁን ዘርጉት። ውጭ፣ ጥላ ሥር፣ ሳይደራረብ፣ ልጆች በማይደርሱበት ሽቦ ላይ አንድ በአንድ አስጡት። እንደ ደረቀ ቁርበት ድርቅ ሲል ከቆሻሻ ጋር መጣል ይቻላል። ክረምት ላይ ማስጫ ከጠፋ ክዳን ያለው የቆርቆሮ ጣሳ ውስጥ ውሃ ሞልታችሁ ጨርቁን አጥልቁት፤ ውሃው ሙሉ በሙሉ ይሸፍነው።

«ምድጃ ውስጥ ብጨምረውስ?» አይሆንም። እሳቱ ቦግ ብሎ ፊት ይለበልባል፣ ጭሱም ለሳንባ መጥፎ ነው።

«በቲነር አጥቤ መልሼ እሠራበታለሁ»

ቁጠባው ይገባኛል፣ ጨርቅም ገንዘብ ነው። ግን ቲነር ዘይቱን ጠርጎ አይወስደውም፤ ትነቱም በቀላሉ እሳት ይይዛል። እጣቢውን ቦይ ውስጥ ስትደፉት ደግሞ ቦርከና ወንዝ ይገባል፤ ታች ከብት ይጠጣዋል። በውሃ የሚቀጥን ቀለም ከሆነ ሳይደርቅ በሳሙና አጥባችሁ ደጋግማችሁ ተጠቀሙበት። የዘይቱን ጨርቅ ግን ለዕለቱ ሥራ ብቻ አድርጉት፤ በአንዱና በሁለተኛው ቅብ መሃልም ተዘርግቶ ይቆይ። መቆጠብ ከፈለጋችሁ አሮጌ ሸሚዝ መዳፍ በሚያክል ቆርጣችሁ ያዙ። ትንሽ ቁራጭ ለቅቡ ይበቃል፣ ማታም ለማስጣት አያስቸግርም።