የእውነተኛ ወንጀል ዘጋቢ ፊልም ካሜራማን፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

«ካሜራማኑ ከፖሊስ ጋር ወንጀሉ ወደተፈጸመበት ቦታ ይሮጣል።»
ይህ የዜና ካሜራማን ሥራ ነው። ዘጋቢ ፊልም ብዙውን ጊዜ የሚጀመረው ድርጊቱ ከተፈጸመ ከዓመታት በኋላ በመሆኑ፣ ካሜራማኑ ሲደርስ ደሙ ታጥቦ፣ ቤቱንም ሌላ ሰው ተከራይቶት ሊያገኝ ይችላል። አብዛኛው የሥራ ሰዓቱ የሚያልፈው በቃለ መጠይቅ ነው፤ ልጇን በግፍ ካጣች እናት ፊት ለፊት ለሰዓታት ይቀመጣል። እናቲቱ መሐረቧን በጣቶቿ እየጠቀለለች በድንገት ዝም ስትል፣ ጀማሪው ደንግጦ ቀረጻውን ያቆማል፣ አለዚያም እንባዋን ለማሳየት ሌንሱን ወደ ፊቷ ያቀርባል፤ በሙያው የበሰለው ግን ካሜራውን ሳያነቃንቅ ይጠብቃታል። በእኔ እምነት ከዚህ ትዕግሥት የሚበልጥ ችሎታ በዚህ ሙያ ውስጥ የለም።

«ተዋንያን ድርጊቱን እንደገና የሚተውኑበት ትዕይንት ሁሉ ማታለያ ነው።»
በግዴለሽነት ከተሠራ እውነትም ያታልላል። ይሁን እንጂ አሜሪካዊው የፊልም ዳይሬክተር ኤሮል ሞሪስ እ.ኤ.አ. በ1988 ያወጣው «ዘ ቲን ብሉ ላይን» የተሰኘው ፊልም ተቃራኒውን አሳይቷል። ራንዳል አዳምስ በዳላስ ከተማ ፖሊስ ገድሏል ተብሎ በ1977 ሞት ተፈርዶበት፣ በኋላም ቅጣቱ ወደ ዕድሜ ልክ እስራት ተቀይሮለት ነበር። ፊልሙ ያንኑ የግድያ ሌሊት በተዋንያን ደጋግሞ ሲያቀርብ፣ በየጊዜው የሚያሳየው የተለያየ የምስክርነት ቃል ስለነበር፣ ቃሎቹ እርስ በርስ መጋጨታቸው በግልጽ ታየ። አዳምስ በ1989 ከእስር ተፈታ።

«ችሎት ውስጥ ገብቶ መቅረጽ ይቻላል።»
እንደ አገሩ ሕግ ነው። በእንግሊዝ ከ1925 ጀምሮ ተከልክሎ የቆየ ሲሆን፣ ከሐምሌ 2022 ወዲህ «ክራውን ኮርት» በሚባሉት የከባድ ወንጀል ችሎቶች ዳኛው የቅጣት ውሳኔ ሲያነብ ብቻ መቅረጽ ተፈቅዷል፤ በምስሉም ላይ የሚታየው ዳኛው ብቻ ነው።

«ካሜራማን ከጉዳዩ ውጭ የሆነ ተመልካች ነው።»
በአሜሪካ አርካንሳስ ግዛት፣ ዌስት ሜምፊስ ከተማ ሦስት ሕፃናት በ1993 ተገድለው፣ ስለ ክሱ ፊልም ይቀረጽ በነበረበት ወቅት፣ ከሟቾቹ የአንዱ ቤተሰብ ለቀረጻው ቡድን አባል ቢላ በስጦታ ሰጠ። ቢላው ላይ ደም የሚመስል ነገር ስለታየ ለፖሊስ ተላለፈ፤ ችሎት ላይም ጥያቄ ተነሣበት። ስጦታውን ዝም ብሎ ኪስ መክተት ማስረጃ መደበቅ ይሆን ነበርና፣ ያደረጉት ተገቢ ነበር።

«ወደ ሙያው ለመግባት የወንጀል ምርመራ ትምህርት ያስፈልጋል።»
አያስፈልግም። ብዙዎች የሚጀምሩት በረዳትነት ነው፤ ባትሪ ይሞላሉ፣ መብራት ይተክላሉ፣ ማታ ደግሞ የዕለቱን ቀረጻ ከሜሞሪ ካርዱ ወደ ሁለት የተለያዩ ሃርድ ዲስኮች ይገለብጣሉ። ሁለቱም ቅጂዎች ተከፍተው ሳይታዩ በካርዱ ላይ ያለው አይሰረዝም፤ ያቺ እናት ያንን ቀን ሁለተኛ ጊዜ እንድትተርክ መጠየቅ አይገባምና።