«ነገርን ነገር ያነሳዋል»፦ ጥጡንስ የት ጣላችሁት?

ባለፈው ሳምንት ለሽምግልና ተቀምጠን ነበር። ሁለት ጎረቤታሞች በአጥር ተጣልተው ነው። ጠቡ ቢበዛ ስለ 1 ክንድ መሬት ነው። አንደኛው ሰውዬ ግን ከአጥሩ ተነስቶ ያልተጠራበትን ክርስትና፣ አውሶ ያልተመለሰለትን መሰላል፣ ድሮ የሞተችበትን ላም ሁሉ ደረደረው። ሽማግሌዎቹ ቆጣ ሲሉ ምን አለ መሰላችሁ? «እንግዲህ ነገርን ነገር ያነሳዋል!» ሁሉም ራሱን ነቀነቀ። እኔን ግን አንገበገበኝ።

ምክንያቱም ይህ ግማሹ ነው። ሙሉው «ነገርን ነገር ያነሳዋል፣ ጥጥን ባዘቶ ያሳሳዋል» ነው የሚለው። ሁለተኛውን ግማሽ ስትጥሉት የመጀመሪያው ለማንም ቂመኛ መሸሸጊያ ይሆናል።

ባዘቶ አይታችሁ ታውቃላችሁ? እኔ ያደግሁት አያቴ እግር ሥር ነው፣ እንዝርት እያየሁ። ከገበያ የመጣው ጥጥ ፍሬው አብሮት ነው። አያቴ ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ታስቀምጠውና በብረት ዘንግ ትዳምጠዋለች፣ ፍሬው ጠብ ጠብ ይላል። ቀጥሎ ደጋን ነው። ጅማቱን ጥጡ ላይ እያስጮኸች ትነድፈዋለች። ያ ድፍን ያለ ጥጥ ይነፋል፣ ይነፋል፣ ቤቱ በብናኝ ይሞላል፣ እኔ አስነጥሳለሁ። ከዚያ በእጇ ታባዝተዋለች። ማለትም እየዘረጋጋች፣ እየሳበች፣ ብርሃን እስኪያሳልፍ ታሳሳዋለች። ባዘቶ ማለት ይህ ነው። ጥጡ አልተጨመረበትም፣ አልተቀነሰበትም። ያው አንድ እፍኝ ጥጥ ነው፣ ግን አሁን ሊፈተል ይችላል።

የሚገርመኝ የነበረው ክሩ ሲቆረጥ ነው። አያቴ አዲስ አትጀምርም። የተቆረጠውን ጫፍ ትፈልግና ባዘቶው ላይ አስነክታ እንዝርቱን ጭኗ ላይ ሽው ስታደርገው፣ ክሩ ተመልሶ ይያያዛል። መቀጠያውን በጣት እንኳ ፈልጋችሁ አታገኙትም። ተረቷም እንደዚያው ነበር። ክሩ ሲቆረጥ ዝም ትላለች፣ ከቀጠለች በኋላ «የት ደርሰን ነበር ልጄ?» ትለኛለች። «ጅቡ በር ላይ ቆሞ» እላታለሁ። ከዚያው፣ ከበሩ ትጀምራለች።

እኔ ይህ አባባል የተወለደው ከፈታይ ሴቶች መሃል ነው ብዬ አምናለሁ። ወንድ ሸማኔ ቢለው ኖሮ ድርና ማግ ይገባበት ነበር። ባዘቶን እንዲህ የሚያውቅ ከጣቷ መሃል ሲወጣ የሚሰማት ናት። ደግሞ ነገርና ክር በአማርኛ አንድ ቤት የሚያድሩ ናቸው። ነገር ሲወሳሰብ «ውሉ ጠፋ» እንላለን፣ ውል እኮ የልቃቂት ጫፍ ነው። ንግግር ሲያልቅ «ቋጨው» እንላለን፣ የጋቢ ጫፍ እንደሚቋጨው። ሴራ ይጎነጎናል። ይህ ሁሉ በአጋጣሚ አይመስለኝም። ረጅም ማታ፣ ብዙ ባዘቶ፣ ብዙ ወሬ በነበረበት ቤት የተሠራ ቋንቋ ነው።

«ያሳሳዋል» የሚለውም ሰምና ወርቅ አለው ባይ ነኝ። ማቅጠን ብቻ አይደለም። ለልጅ «ያሳሳል» እንል የለ? ጥጡ ሲሳሳ ያሳሳል። ነገርም በጥሩ ሰው አፍ ሲባዘት ያሳሳል፣ እንዳያልቅ ትመኛላችሁ።

አንዳንዴ እንዲህ አስባለሁ። ለርዝመት ክንድ አለን፣ ለእህል ቁና አለን። አንድ ቃል ስንት ታሪክ እንደሚወልድ የምንለካበት ግን የለንም። ምሁር ብሆን አንድ መለኪያ አበጅና ስሙን «ባዘቶ» እለው ነበር። ጅብን እንይ። አንድ ሰው «ጅብ» ብሎ ሲጀምር በማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ ያለው ይመጣል። እሱ ሳያልቅ፣ ከሄደ በኋላ የጮኸው ውሻ ይከተላል። ከቆዳው የተሠራው ክራር ደግሞ «እንብላው እንብላው» ይላል። ጅብ በኔ መለኪያ 10 ባዘቶ ይሞላል። ወንበር ግን ግማሽ ባዘቶም አይሞላ። ዋናው ደንብ ደግሞ አንድ ነው፦ ክሩ ካልተያያዘ አይቆጠርም። አዲሱ ታሪክ ከቀድሞው ጫፍ ጋር መነካካት አለበት።

ዛሬ ግን አባባሉን የምሰማው ጫፉ በጠፋበት ቦታ ነው። ስብሰባ ላይ ከአጀንዳ ለወጣ ሰው፣ በትዳር ጠብ መሃል የአማት ነገር ለሚያመጣ፣ በቴሌቪዥን ክርክር ጥያቄውን ለሚሸሽ። እባካችሁ፣ ይህ ሌላ ጥጥ ነው። ሌላ ጥጥ ማምጣት መብታችሁ ነው፣ ግን በአያቶቻችን ባዘቶ አታመካኙ።

ያ ሰውዬ ቅዳሜ ይመለሳል፣ ሽማግሌዎቹ ቀጥረውታል። ላሚቱ የሞተችው ሆዷ ተነፍቶ ነው፣ አጥሩ ገና ሳይታጠር። ግማሹን ተረት ደግሞ ከጠራው፣ ሌላውን ግማሽ እኔ ጮክ ብዬ እጨርስለትና ላሚቱ ከአጥሩ ጋር በየት በኩል እንደምትቀጠል እጠይቀዋለሁ።