ፊልም ኑዋር ኮፍያና ሲጋራ ብቻ አይደለም

ፊልም ኑዋር (በፈረንሳይኛ «ጥቁር ፊልም») ሲባል ብዙዎቻችን ዝናባማ ጎዳና፣ ኮፍያ ያደረገ መርማሪና የሲጋራ ጭስ ይታየናል። በ1940ዎቹና በ50ዎቹ ሆሊውድ የሠራቸው እነዚህ የወንጀል ፊልሞች ግን ከዚህ ይሰፋሉ። ስለ እነሱ በተለምዶ የሚባሉትን አንድ በአንድ እንያቸው። (ዓመታቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

«ዋናው ሰው መርማሪ ነው»

አንዳንዴ። የዳይሬክተር ቢሊ ዋይልደር «ደብል ኢንደምኒቲ» (1944) የኢንሹራንስ ሻጭ ታሪክ ነው። ከአንዲት ባለትዳር ጋር ተመሳጥሮ ባሏን ይገድላል፤ የኢንሹራንሱን ገንዘብ ለመብላት። ማን ገደለ ብለንም አንጨነቅም። ፊልሙ ሲጀምር ሰውየው ቆስሎ በሌሊት ቢሮው ይገባል፤ ድምፅ መቅጃው ፊት ቁጭ ብሎ ሁሉንም ይናዘዛል። ገንዘቡንም ሴቲቱንም እንዳላገኘ ጭምር። መጨረሻውን እያወቅን እንኳ ዓይናችንን መንቀል ያቅተናል። ለእኔ የኑዋር ጉልበት እዚህ ላይ ነው፦ ደህና ሥራ ያለው ተራ ሰው፣ ጥፋት መሆኑን እያወቀ አንድ እርምጃ ይራመዳል። ከዚያ በኋላ መመለሻ የለም። ይህ ደግሞ ዘመን አይሽረውም።

«ጥቁርና ነጭ መሆን አለበት»

«ሊቭ ኸር ቱ ሄቨን» (1945) በደማቅ ቀለም ተቀርጾ በቀለም ሲኒማቶግራፊ ኦስካር ወስዷል። አሰቃቂው ትዕይንት በጠራራ ፀሐይ፣ ውብ ሐይቅ ላይ ነው። ተዋናይቷ ጂን ቲየርኒ ጥቁር መነጽሯን አድርጋ፣ ጀልባ ላይ ተቀምጣ፣ የባሏ ታናሽ ወንድም ሲሰምጥ ዝም ብላ ታያለች። ጨለማ ምን ያደርጋል!

«በፊልሞቹ የሚበዛው ጥላ የገንዘብ እጥረት ያመጣው ነው»

ትንሽ እውነት አለው፤ «ዲቱር» (1945) በርካሽ የተሠራ ነው። «ደብል ኢንደምኒቲ» ግን የፓራማውንት ትልቅ ሥራ ነበር። በመስኮት መጋረጃው ሽንቁር የሚገባው ብርሃን ታስቦበት ነው። የኑዋር ዳይሬክተሮቹ ዋይልደር፣ ፍሪትዝ ላንግና ሮበርት ሲዮድማክ ናዚዎችን ሸሽተው ከመሰደዳቸው በፊት በጀርመን ሲኒማ ሠርተዋል። በጥላ መተረክን እዚያ ያውቁት ነበር።

«ሆሊውድ ኑዋር እንሥራ ብሎ ተነሣ»

ስቱዲዮዎቹ ሜሎድራማ ወይም የወንጀል ፊልም ነበር የሚሉት። በናዚ ወረራ ዘመን ፈረንሳይ ውስጥ የአሜሪካ ፊልም ታግዶ ነበር። ከጦርነቱ በኋላ ፊልሞቹ በአንዴ ሲጎርፉ፣ ፓሪስ ያለው ሀያሲ ኒኖ ፍራንክ በ1946 ለውጡን አስተዋለና በዚህ ስም ጻፈበት።

«ሴቷ ሁሌም ወንድን አጥምዳ የምታጠፋ ናት»

በ«ፋንተም ሌዲ» (1944) ያለ ጥፋቱ ሞት የተፈረደበትን አለቃዋን ለማዳን የምትሯሯጠው ጸሐፊው ናት። ከፊልሙ ጀርባ የነበረችው ፕሮዲውሰርም ሴት ናት፣ ጆአን ሃሪሰን። አይዳ ሉፒኖ ደግሞ በ1953 «ዘ ሂች ሃይከር»ን ዳይሬክት አድርጋለች። አንድ መኪና፣ ሦስት ወንዶች፣ አንድ ሽጉጥ፤ አጥማጅ ሴት የሚባል ነገር የለም።