ዲግሪው፣ ደረጃውና ጡረታው፦ የመንግሥት ሠራተኛ ሒሳብ

መንግሥት መሥሪያ ቤት የገባ ሰው ቶሎ የሚገባው ነገር አለ። ደመወዙ የሚከፈለው ለወረቀቱ ሳይሆን ለተመደበበት የሥራ መደብ ነው። ማስተርሱን ይዞ «ትምህርቴን አሻሽያለሁ» ብሎ የሰው ሀብት ቢሮ የሚሄድ ሠራተኛ የሚሰማው መልስ የታወቀ ነው፦ «ማስረጃዎ ከማኅደርዎ ጋር ይያያዛል፤ ክፍት መደብ ሲወጣ ይወዳደሩ።» በቃ። ዲግሪ ለውድድር ያበቃል እንጂ ብቻውን ብር አይጨምርም።

ይህ አሠራር የጠነከረው በ2011 ዓ.ም. ገደማ ሥራ ላይ በዋለው የሥራ ምዘናና ምደባ፣ ሰዉ «ጄኢጂ» በሚለው ነው። ሥራዎች በክብደታቸው ተመዝነው በ22 ደረጃ ተደለደሉ፤ በየደረጃው ውስጥ ደግሞ እርከኖች አሉ። መምህራን ግን ከጀማሪ መምህር እስከ ከፍተኛ መሪ መምህር የሚዘልቅ የራሳቸው መሰላል አላቸው።

ወደ ብሩ እንምጣ። ከመስከረም 2018 ጀምሮ ዝቅተኛው ደመወዝ ከ4,760 ወደ 6,000 ብር፣ የጀማሪ ዲግሪ ምሩቅ መነሻ ከ6,940 ወደ 11,500፣ ጣሪያው ደግሞ ከ21,492 ወደ 39,000 ብር ከፍ ብሏል። ታዲያ 11,500 ሲባል እጅ የሚገባው እሱ አይደለም። የሥራ ግብር 2,100 ብር፣ የጡረታ መዋጮ 805 ብር ሲቆረጥ 8,595 ይቀራል። ኮስት ሼሪንግ (የዩኒቨርሲቲ ትምህርት ወጪ ዕዳ) ያለበት ደግሞ ከዚያም ላይ ይነሳበታል።

ወረቀቱም ቢሆን ዝም ብሎ አይታመንም። ከ2015 ዓ.ም. ወዲህ የመጀመሪያ ዲግሪ ተመራቂ የመውጫ ፈተና ማለፍ አለበት፤ በቴክኒክና ሙያ የመጣ ሲኦሲ (የሙያ ብቃት ምዘና ማረጋገጫ) ይጠየቃል፤ ውጭ አገር የተማረ የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን ዘንድ ሄዶ የአቻ ግምት ያሠራል። ፎርጅድ ሆኖ ከተገኘ ቅጥሩ ይሰረዛል፣ በወንጀልም ያስጠይቃል።

ጡረታው ላይ ነው ሒሳቡ የሚገርመው። ሲቪል ሠራተኛው ከደመወዙ 7 በመቶ፣ መሥሪያ ቤቱ 11 በመቶ ያዋጣሉ። መውጫ ዕድሜው 60 ነው፤ 25 ዓመት ያገለገለ በ55 ዓመቱ ቀድሞ መውጣት ይችላል። ለ10 ዓመት አገልግሎት የደመወዙ 30 በመቶ ይታሰባል፣ ከዚያ በላይ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይጨመራል፣ ጣሪያው 70 በመቶ ነው። አሁን ደምሩት። 70 በመቶ ለመድረስ 42 ዓመት መሥራት ያስፈልጋል፤ 60 ሲቀነስ 42፣ ልክ 18! ማለትም ጣሪያውን የሚነካው የመቀጠሪያ ዕድሜው እንደደረሰ ሥራ የጀመረ ሰው ነው፣ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ በ23 ዓመቱ የተቀጠረው ግን 37 ዓመት አገልግሎ 63.75 በመቶ ላይ ይቆማል። በእርግጥ የእሱ መቶኛ የሚሰላው ከተሻለ ደመወዝ ስለሆነ ብዙም አይታዘንለትም።

ሌላም አለ። ስሌቱ የሚሠራው በመጨረሻው ደመወዝ ሳይሆን በመጨረሻዎቹ ሦስት ዓመታት አማካይ ነው። ስለዚህ ጭማሪ በመጣ በወሩ የሚወጣ ሰው አዲሱ ደመወዝ እምብዛም አይደርሰውም። አበልም አይቆጠርም፤ ለዓመታት በውሎ አበልና በትራንስፖርት ሲደጎም የኖረ ሠራተኛ ጡረታ ሲወጣ የሚደነግጠው ለዚህ ነው። ባለመብቱ ከሞተ የትዳር ጓደኛው የጡረታውን 50 በመቶ፣ ከ18 ዓመት በታች ያለ ልጅ 20 በመቶ ያገኛል። ከግል ድርጅት ወደ መንግሥት ወይም በተቃራኒው የተዛወረ ሰው ደግሞ አገልግሎቱ ይያያዝለታል፣ መዋጮው በትክክል ገቢ ከተደረገ።

ከሁሉም ብዙ ንትርክ የሚያስነሳው ግን ዕድሜ ነው። የሚጸናው መጀመሪያ ሲቀጠሩ የሕይወት ታሪክ ቅጽ ላይ የሞሉት የልደት ቀን ነው። ያኔ ሥራ ለመያዝ ሲል ሁለት ዓመት የጨመረ ልጅ አሁን ሸምግሎ «እኔ እኮ ገና 58 ነኝ» ቢል የሚሰማው የለም።