«ቋሚ አብዮት» ምንድን ነው?

«ቋሚ አብዮት» ሲባል ብዙ ሰው ማለቂያ የሌለው ሁከት ይመስለዋል። ዛሬ ሰልፍ፣ ነገ ተኩስ፣ ከነገ ወዲያ ሌላ ግርግር። ሐሳቡ ግን ይሄ አይደለም። ጥያቄው እንዲህ ነው፦ የተጀመረ አብዮት የት ላይ ይቆማል? ንጉሡ ወርዶ ፓርላማ ሲከፈት ይበቃዋል? ወይስ በአብዮቱ ደሙን ያፈሰሰው ሠራተኛ የራሱን ጥያቄ ይዞ ወደፊት ይገፋል? ማርክሲስቶች በዚህ ጉዳይ ከመቶ ዓመት በላይ ተከራክረዋል። በክርክሩ ሰበብ የታሰሩም የተገደሉም አሉ።

ነገሩ የሚነሳው ከ1848 ነው (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በዚያ ዓመት ፓሪስ፣ ቪየናና በርሊን በአመፅ ተናወጡ። በጀርመን ከበርቴው መጀመሪያ ከሕዝቡ ጋር ቆመ። ትንሽ ቆይቶ ግን ከላይ ካለው ንጉሥ ይልቅ ከታች የተነሳው ሠራተኛ አስፈራው፤ ከዘውዱ ጋር ታረቀ። ማርክስና ኤንግልስ ይህን አይተው በማርች 1850 ለኮሙኒስቶች ማኅበር አባላት አንድ ደብዳቤ በተኑ። ከለዘብተኞቹ ዴሞክራቶች ጋር አብራችሁ ታገሉ፣ ግን የራሳችሁን ድርጅት አትተዉ፣ መሣሪያችሁን አታስረክቡ፣ በምርጫም የራሳችሁን ዕጩ አቁሙ አሏቸው። ደብዳቤው የሚያልቀው በመፈክር ነው፤ የሠራተኞቹ የትግል ጥሪ «ቋሚ አብዮት» መሆን አለበት ይላል።

ስድስት ወር ሳይቆይ ደግሞ ማርክስ ራሱ፣ ሥልጣን አሁኑኑ እንያዝ ይሉ ለነበሩ ጓዶቹ፣ ሠራተኛው 15፣ 20፣ 50 ዓመት የእርስ በርስ ጦርነት ሊያሳልፍ እንደሚችል ነገራቸው። ስለዚህ «ቋሚ» ማለት ቶሎ ማለት አልነበረም።

ሐሳቡ ሥጋ ለብሶ የታየው ሩሲያ ውስጥ ነው። ሩሲያ በዛር፣ ማለትም በንጉሠ ነገሥት፣ የምትገዛ፣ አብዛኛው ሕዝቧ ገበሬ የሆነ አገር ነበረች። ለዘብተኞቹ ማርክሲስቶች፣ ሜንሼቪኮች የሚባሉት፣ ተራው የከበርቴው ነው አሉ፤ ወዝአደሩ ከኋላ ይግፋ እንጂ ሥልጣን አይመኝ። የተቀናቃኞቻቸው የቦልሼቪኮች መሪ ሌኒን በዚህ አልተስማማም። የሩሲያ ከበርቴ ፈሪ ስለሆነ አብዮቱን ወዝአደሩና ገበሬው ተባብረው ይምሩት አለ። ሆኖም ሕዝቡ በዛሩ ላይ በተነሳበት በ1905 ለእሱም የመጀመሪያው እርምጃ ከካፒታሊዝም ወሰን የሚያልፍ አልነበረም። ወጣቱ አብዮተኛ ትሮትስኪ ግን ወዝአደሩ አንዴ ሥልጣን ከያዘ እዚያ ላይ መቆም አይችልም አለ።

ለምን አይችልም? እዚህ ላይ ረጋ ብለን እንይ። በኖቬምበር 1905 የሴንት ፒተርስበርግ ሠራተኞች የ8 ሰዓት የሥራ ቀንን ማንንም ሳያስፈቅዱ ጀመሩት። ስምንት ሰዓት ሲሞላ ሥራ አቁሞ መውጣት ነው፤ በቃ። ባለፋብሪካዎቹ በራቸውን ዘጉ። በአስር ሺዎች የሚቆጠር ሠራተኛ ውጭ ቀረ። ሶቪየቱ፣ ማለትም የሠራተኞቹ ምክር ቤት፣ ሳይወድ በግድ ወደኋላ አፈገፈገ። ከመሪዎቹ አንዱ የ26 ዓመቱ ትሮትስኪ ነበር። በዲሴምበር ታሰረ፤ እስር ቤት ሆኖም ያየውን ማሰላሰል ጀመረ።

ይሄው ነገር የሠራተኛ መንግሥት ባለበት ቢደገም ምን ይሆናል ብሎ ጠየቀ። የ8 ሰዓት ቀን በራሱ ሶሻሊዝም አይደለም፤ የትኛውም ካፒታሊስት አገር ሊኖረው ይችላል። ግን ባለፋብሪካው በሩን ሲዘጋ መንግሥቱ ሁለት ምርጫ ብቻ ነው ያለው። አንድም የራሱን ሕግ ይውጣል፣ አለዚያ ፋብሪካውን ከፍቶ ራሱ ያስኬደዋል። ሁለተኛውን ከመረጠ፣ ማንም ሶሻሊዝምን ሳያውጅ፣ የግል ንብረት ተነክቷል። ለእኔ የጠቅላላው ንድፈ ሐሳብ ልብ ይሄ የተዘጋ የፋብሪካ በር ነው። አብዮቱን ወደፊት የሚገፋው የመሪዎቹ ፍላጎት ሳይሆን የተቃዋሚያቸው መልስ ነው።

ግን አንድ ትልቅ «ከሆነ» አለው። ትሮትስኪ ኋላቀሯ ሩሲያ ብቻዋን አትዘልቅም፣ የአውሮፓ ወዝአደር ካልደረሰላት ትወድቃለች ብሎ ነበር።

በኤፕሪል 1917 ሌኒን ከስደት ተመልሶ፣ ዛሩ ሲወርድ ለተተካው ጊዜያዊ መንግሥት ድጋፍ የለም ሲል የገዛ ጓዶቹ ደነገጡ። ከፓርቲው መሪዎች አንዱ ካሜኔቭ የከበርቴው አብዮት ገና አልተጠናቀቀም ብሎ በፓርቲው ጋዜጣ በፕራቭዳ ላይ ተቃወመው። የትሮትስኪ ወገኖች ሌኒን ያኔ ወደ እነሱ ሐሳብ መጣ ይላሉ። ሌሎቹ የራሱን ሐሳብ አሳደገ እንጂ አልተቀየረም ባይ ናቸው። እኔ በተግባር ተገናኝተዋል እላለሁ፤ የመጡበት መንገድ ግን ለየቅል ነበር።

በዚያው ዓመት ቦልሼቪኮች ሥልጣን ያዙ። የአውሮፓው እርዳታ ግን ሳይመጣ ቀረ። በጀርመን የተሞከረው አመፅ በ1923 ከሸፈ፤ በጃንዋሪ 1924 ሌኒን ሞተ። በዚያው ዓመት ጸደይ የፓርቲው ዋና ጸሐፊ ስታሊን ራሱ፣ እንደ ሩሲያ ያለ የገበሬ አገር ሶሻሊዝምን ለብቻው ገንብቶ መጨረስ አይችልም ብሎ ጽፎ ነበር። ዓመቱ ሳያልቅ ግን «ሶሻሊዝም በአንድ አገር» የሚለውን አመጣ። ሐሳቡ ተቀባይነት ማግኘቱ አይገርምም። ሕዝቡ በጦርነትና በረሃብ ደክሞ ነበር፤ የሌላ አገር አብዮት ጠብቁ ከሚለው ይልቅ ቤታችንን እንሥራ የሚለው ጆሮ አገኘ። ትሮትስኪ በ1927 ከፓርቲው ተባረረ፣ በ1928 ካዛክስታን ወዳለችው አልማ አታ ተጋዘ፣ በ1929 ከአገር ወጣ። በ1940 ሜክሲኮ ውስጥ ተገደለ።

በዚህ መካከል፣ ቻይና ላይ የሆነው ያሳዝናል። በማርች 1927 የሻንጋይ ሠራተኞች ከተማዋን ከጦር አበጋዞች አስለቅቀው የብሔርተኛውን መሪ የቺያንግ ካይሼክን ጦር ተቀበሉ። ከሞስኮ የመጣው መመሪያ ኮሙኒስቶቹ ከእሱ ፓርቲ እንዳይለዩ ነበር። ኤፕሪል 12 ቺያንግ አፈሙዙን አዞረባቸው። ከ1848 የባሰ ክህደት ነው። ትሮትስኪ ስለ ሩሲያ ብቻ ይናገርበት የነበረውን ሐሳብ ለሌሎች ዘግይተው ላደጉ አገሮችም ያሰፋው ከዚህ በኋላ ነው።

የቻይና ኮሙኒስቶች መሪ ማኦም በ1958 «የማያቋርጥ አብዮት» ሲል ነበር፤ ከትሮትስኪው ጋር እንዳይምታታ ግን ራሱ አሳስቧል። ልዩነቱ እውነት ነው። የማኦ ጥያቄ ሥልጣን ከተያዘ በኋላም መደቦችና ቅራኔዎች ይቀጥላሉ ወይ የሚል ነው። መልሱ «አዎ» ሆነ፤ ከ1966 እስከ 1976 የዘለቀው የባህል አብዮትም በዚህ ስም ተካሄደ። የቻይና ኮሙኒስት ፓርቲ ራሱ በ1981 ይህን ንድፈ ሐሳብ ስህተት ብሎ ጣለው።

የትሮትስኪው ሐሳብ ደካማ ጎን የታየውም እዚያው ቻይና ነው። አብዮቱን ሊመራ የሚችለው ወዝአደሩ ብቻ ነው ተብሎ ነበር። በ1949 ቤጂንግ የገባው ግን በገበሬ የተሞላ ጦር ነው፤ በ1959 የኩባ ዋና ከተማ ሃቫና የገቡትም ከተራራ የወረዱ ሽምቅ ተዋጊዎች ናቸው። የትሮትስኪ ተከታይ የነበረው ቶኒ ክሊፍ በ1963 ይህን አፍጥጦ አየው። ሠራተኛው ሳይነሳ ሲቀር ክፍተቱን ምሁራን ይሞሉታል፤ የሚወለደውም የሠራተኛ ሥልጣን ሳይሆን በመንግሥት የተያዘ ካፒታሊዝም ነው አለ። ሌሎቹ የትሮትስኪ ተከታዮች አልተቀበሉትም። ጉድለት ይኑርበት እንጂ የሠራተኛ መንግሥት ነው አሉ፤ በዚህም ተለያዩ።