ምት በጎጃም፦ ከቅኔ ቆጠራ እስከ አውድማ

ሙዚቃን በጊዜ በኩል የሚያጠናው የዕውቀት ዘርፍ ሁለት ነገሮችን ለይቶ ይነሳል። አንደኛው ድምፆች ረዝመውና አጥረው፣ ጠንክረውና ላልተው የሚከታተሉበት አኳኋን ነው፤ ምት ይባላል። ሁለተኛው ያ ምት የሚሰፈርበት መስፈሪያ ነው፤ ራሱ ባይሰማም ተጫዋቹም አድማጩም በልባቸው ይዘውታል። እሱን ልክ እንበለው። ጤፍ ያለ ቁና እንደማይሰፈር ሁሉ ምትም ያለ ልክ አይያዝም፤ የአጥኚዎቹ ክርክር ግን የሁሉም አገር ቁና አንድ ነው ወይ በሚለው ላይ ነው። ጎጃም ለዚህ ክርክር ደህና ማሳያ ነው። ዓባይ በሦስት ወገን በከበበው በዚህ አገር የቅኔው፣ የአማርኛ ግጥሙ፣ የማኅሌቱና የዘፈኑ ቁና አንዱ ከሌላው ይለያል፤ ቀረርቶ ደግሞ የሚጨበጨብበት ቁና ከነጭራሹ የለውም።

በሌላው ዓለም ያለውን ልዩነት ለማየት ጥቂት ምሳሌ ይበቃል። በሰሜን ህንድ ሙዚቃ ልክ የሚዞር ነገር ነው፤ ታላ ይሉታል። ከታላዎች ሁሉ የታወቀው ቲንታል በአራት በአራት የተከፈለ 16 ምት አለው። አዋቂ አድማጭ የክፍሎቹን መጀመሪያ በጭብጨባ ይከተላል፤ ዘጠነኛው ላይ ሲደርስ ግን አያጨበጭብም፣ መዳፉን ገልብጦ ባዶነቱን ያሳያል። በቱርክና በባልካን አገሮች ደግሞ 2፣ 2፣ 2 እና 3 እየተባለ የሚቆጠር፣ ክፍሎቹ እኩል ያልሆኑ ልክ አለ። የሃንጋሪው የሙዚቃ ደራሲ ቤላ ባርቶክ የቡልጋሪያ ምት ብሎ ጽፎበታል፤ ሮማኒያዊው የሕዝብ ሙዚቃ አጥኚ ኮንስታንቲን ብራይሎዩ ግን እ.ኤ.አ. በ1951 አክሳክ የሚለውን የቱርክ ስም መረጠለት። ትርጉሙ አንካሳ ማለት ነው። ስሙ እንዲህ ይበል እንጂ ለሚጨፍርበት ሰው ምኑም አያነክስም።

የሕዝብ ሙዚቃ አጥኚው ሲምሃ አሮም በመካከለኛው አፍሪካ ሪፐብሊክ የሠራው ሥራ ለእኛ ይበልጥ ይቀርባል። ብዙ ተጫዋቾች በአንድነት የሚመቱትን ለመለየት የቀረጸውን ድምፅ በጆሮ ማዳመጫ እያሰማ የእያንዳንዱን ድርሻ ለብቻው ቀረጸ። ባገኘው ውጤትም በእነዚያ ሙዚቃዎች ውስጥ እንደ ልብ ምት እኩል የሚሄድ የውስጥ ትርታ አለ፤ ከሌሎቹ ሁሉ የሚከብድ፣ የአውሮፓ መምህራን አንድ ብለው የሚጀምሩበት ምት ግን የለም ብሎ ተከራከረ።

ወደ ጎጃም ስንመለስ ቀዳሚው ቅኔ ነው። በዋሸራ፣ በጎንጅ ወይም በዲማ ጉባኤ አካባቢ ያለፈ ሰው ደበሎ የለበሰ ተማሪ ከዛፍ ሥር ራሱን ሸፍኖ ሲያጉተመትም ያያል። ምን እየሠራ ነው ብሎ ቢጠይቅ ቅኔ እየቆጠረ ነው ይሉታል። ግሱ ራሱ የልክ ነገር ነው፤ ሆኖም ተማሪው ጣቱን እያጠፈ ፊደል አይቆጥርም። የሚቆጥረው በዜማ ነው። እያንዳንዱ የቅኔ ዓይነት የራሱ የዜማ ልክ አለው፤ ቃሉ ዜማውን ሞልቶ ሳይተርፍና ሳይጎድል ሲዘጋ ቤት ይባላል። ጉባኤ ቃና ሁለት ቤት ነው፤ ዘአምላኪየ ሦስት፣ ዋዜማ አምስት፣ ሥላሴ ስድስት፣ መወድስ ስምንት ቤት አላቸው። ጀማሪው በጉባኤ ቃና ይነሳል፤ ሰምና ወርቁ ገና ሳይቀና ልኩ ይቀናል። ቅኔው ሲነገር መምህሩ ጉድለቱን የሚይዙት በጆሮ ነው። ልክ ከቃል በፊት በዜማ ተሠርቶ የሚጠብቅበት ይህ ሥርዓት በእኔ ግምት የጎጃም ትልቁ የምት ትምህርት ቤት ነው፤ ስለ ኢትዮጵያ ሙዚቃ ሲጻፍ ግን ቅኔ ወደ ሥነ ጽሑፍ ክፍል ይገፋል፣ ሙዚቀኞቹም አያነሱትም።

የአማርኛ ግጥም መንገድ ሌላ ነው፤ እዚህ በእርግጥ ይቆጠራል፤ የሚቆጠረውም ቀለም፣ ማለትም በአንድ ጊዜ የሚነበብ የድምፅ ክፍል ነው። አንድ ስንኝ በሁለት ሐረግ ይከፈላል፤ አራት በአራት የሆነው ቡሄ በሉ ቤት፣ አምስት በአምስት የሆነው ሰንጎ መገን፣ ስድስት በስድስት የሆነው ደግሞ የወል ቤት ይባላል። የወል የተባለው የሁሉም ስለሆነ ነው፤ ዘፈኑም ለቅሶውም በብዛት የሚገጠመው በእሱ ነው። ለማሳያ ይህችን ገጥሜአለሁ፦

ጮቄ ተራራ ላይ ጉም ተኝቶበታል፤
እግሬ ባይደርስበት ዓይኔ ደርሶበታል።

ጮ፣ ቄ፣ ተ፣ ራ፣ ራ፣ ላይ፦ ስድስት። ላይ ሁለት ፊደል ቢሆንም አንድ ቀለም ነው፤ ሳድሱ በፊተኛው ላይ ተደግፎ ይነበባል። ጉም አንድ፣ ተኝቶበታል አምስት፤ እንደገና ስድስት። ጎጃሜው ገበሬ ይህን ደንብ ከመጽሐፍ አላገኘውም፤ አንድ ቀለም ቢተርፍ ግን ወዲያው ፊቱን ያጨማድዳል።

በማኅሌት ልኩ በእግርና በመቋሚያ ይያዛል። ዜማው ከስድስተኛው መቶ ክፍለ ዘመን ሊቅ ከቅዱስ ያሬድ የመጣ መሆኑን ቤተ ክርስቲያን ታስተምራለች፤ ምልክቶቹን ያበለጸጉት አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን፣ ማለትም እ.ኤ.አ. ከ1540 እስከ 1559 ባለው ጊዜ የኖሩ ሊቃውንት ናቸው። ከምልክቶቹ መካከል ይዘት፣ ሂደትና ቁርጥ የመያዝ፣ የመሄድና የማቆም ነገር በስማቸው አለባቸው፤ የከበሮው አመታት ግን በምልክት አልተጻፈም።

አንድ ዜማ በቁም ይጀመራል፤ ድምፅ ብቻ ነው፣ ልቅ ነው፣ እስትንፋስ ይመራዋል። በዝማሜ ሁለቱ ረድፍ ፊት ለፊት ቆመው መቋሚያቸውን ያዘነብላሉ፣ ይመልሳሉ። በመረግድ ከበሮና ጸናጽል ይገባሉ። ጽፋት ላይ እጅ ያጨበጭባል፣ ፍጥነቱ ይጨምራል። ያው ቃል፣ ያው ዜማ ልክ ከሌለው ተነስቶ ልክ ወደ ጠነከረበት ይሸጋገራል። በበዓል ዋዜማ ደብረ ማርቆስ ወይም መርጡለ ማርያም ያደረ ሰው ይህን በአካሉ ያውቀዋል፤ መጀመሪያ መሬት ላይ ተቀምጦ በቀስታ ይመታ የነበረው ከበሮ ንጋት ሲቃረብ አንገት ላይ ተንጠልጥሎ መቺው አብሮት ይዘላል። ሰፊው አፍ ወፍራም፣ ጠባቡ አፍ ቀጭን ድምፅ ይሰጣል፤ መላው ንግግር የሚሠራው በእነዚህ ሁለት ድምፆች ነው።

በሰርግና በጭፈራ የሚሰማው ባለ ስድስት ትርታው ምት ነው፤ የከተማ ሙዚቀኞች ችክችካ ይሉታል። ስድስቱን ትርታ ሦስት በሦስት ከፍሎ ሁለት ማለት ይቻላል፤ ሁለት በሁለት ከፍሎ ሦስት ማለትም ይቻላል። የሴቶቹ ከበሮ አንዱን፣ ጭብጨባው ሌላውን ሊይዝ ይችላል፤ የእስክስታው ትከሻ በመካከላቸው ይመላለሳል። በኖታ ስድስት ስምንተኛ ተብሎ ሲጻፍ ስህተት አይደለም፤ ግን ጽሑፉ አንዱን አከፋፈል መርጦ ሌላውን ይደብቃል። ከላይ ያየነው የወል ቤት በዚህ ምት ላይ ሲጫን አንዳንዱ ቀለም ይሳባል፣ አንዳንዱ ይጨመቃል፤ የጥሩ አዝማሪ ችሎታም የሚታየው የትኛውን እንደሚስብ በማወቁ ነው።

በታኅሣሥና በጥር አውድማ ላይ መስፈሪያው የበሬው እርምጃ ነው። በእበት በተለቀለቀው አውድማ ላይ በሬዎቹ ሲዞሩ አንዱ ያወጣል፣ ሌሎቹ ይቀበላሉ። በሬው ሲዘገይ ዘፈኑ ይዘገያል፤ በሬ ዘፋኝን አይጠብቅም።

ቀረርቶ ከዚህ ሁሉ ይወጣል። ድምፁ በአንድ ትንፋሽ ከፍ ይላል፣ ይንሳፈፋል፣ ይሰበራል፤ ጭብጨባም ከበሮም አይከተለውም። ፉከራው ሲመጣ ቃሉ ከንግግር በፈጠነ ፍጥነት ይወርዳል። የወል ቤቱን ስድስት በስድስት እዚህም ማግኘት ይቻላል፤ የቀለሙ ቁጥር አለ፣ ትርታው የለም። አጨብጭቦ ሊከተለው የሚሞክር እንግዳ እጁን የት እንደሚያሳርፍ ይጠፋዋል፤ የአገሩ ሰዎች ዝም ብለው ያዳምጣሉ፣ ስንኙ ሲዘጋ ብቻ በአንድ ድምፅ ይመልሱለታል።