የጊዜ ሥነ ምግባር ደንብ ምንድን ነው?

የጊዜ ሥነ ምግባር ደንብ በልብ ወለድ ዓለም እንጂ በነጋሪት ጋዜጣ የማይገኝ ሕግ ነው። ወደ ኋላ ተመልሶ ያለፈውን የሚለውጥ፣ ወደ ፊት ሄዶ የሚመጣውን የሚያይ ወይም ጊዜን የሚያቆም ሰው ቢኖር ምን ይፈቀድለታል፣ ምንስ ይከለከላል የሚለውን ይወስናል። የጊዜ ጉዞ ያለበት ታሪክ ሁሉ በግልጽም ሆነ በስውር እንዲህ ያለ ደንብ ያስፈልገዋል። ባለታሪኩ በተሳሳተ ቁጥር ተመልሶ የሚያስተካክል ከሆነ አንባቢው ለምን ብሎ ይጨነቃል?

ፊዚክሱን ቶሎ እንለፈው። ጊዜ በሁሉም ቦታ እኩል አይሄድም፤ ከፍታ ላይ ያለ ሰዓት ዝቅ ካለው በጥቂቱ ይፈጥናል። ደሴ ከኮምቦልቻ ከ600 ሜትር በላይ ከፍ ስለምትል፣ የሐረጎን ዳገት ወጥቶ ደሴ የከረመ ሰዓት ኮምቦልቻ የቀረውን በዓመት በሁለት ሚሊዮንኛ ሰከንድ ገደማ ይቀድመዋል። ቀልድ አይደለም፤ በ2010 እ.ኤ.አ. ተመራማሪዎች በ33 ሴንቲ ሜትር ብቻ ከፍ ያለ ሰዓት እንኳ መፍጠኑን ለክተዋል። በዚህ ግን የተጎዳ ስለሌለ ደንብ አያሻውም። ጣጣው ወደ ኋላ መመለሱ ላይ ነው። የሒሳብ ሊቁ ኩርት ጎደል በ1949 እ.ኤ.አ. በአይንስታይን ቀመር ውስጥ ወደ ኋላ መመለስ የሚቻልበትን ዓለም በሒሳብ አሳይቷል፤ የእኛ ዓለም ግን እንደዚያ ያለ አይደለም። የፊዚክስ ሊቁ ስቴፈን ሆኪንግ ደግሞ በ1992 እ.ኤ.አ. ተፈጥሮ ራሷ ይህን መንገድ ሳትዘጋው አትቀርም ሲል ገመተ። እሱ ልክ ከሆነ ደንቡ ሥራ ፈት ነው ማለት ነው። እኛ ግን በሩ ክፍት ነው ብለን እንቀጥል።

በአብዛኛው የመጀመሪያው አንቀጽ «እይ፣ አትንካ» የሚለው ነው። የደሴ ልጅ የጊዜ መኪናው ቢሰጠው ወዴት እንደሚነዳው መገመት አያቅትም፦ ጥቅምት 17 ቀን 1909 ዓ.ም.፣ ሰገሌ። የደሴውን አይጠየፍ አዳራሽ ያሠሩት የወሎው ንጉሥ ሚካኤል በሸዋ ጦር ተሸንፈው የተማረኩበት ቀን ነው። ልጁ ቀድሞ ደርሶ ቢያስጠነቅቃቸውና ቢያሸንፉ፣ ከዚያ በኋላ ያለው ታሪክ ሁሉ ሌላ ይሆናል፤ እሱ ራሱም መወለዱ እንጃ። ካልተወለደ ደግሞ ማን ሄዶ አስጠነቀቃቸው? ሩሲያዊው የፊዚክስ ሊቅ ኢጎር ኖቪኮቭ በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. ለዚህ መልስ አለኝ አለ፦ የሄደውም ሰው ቢሆን ቀድሞ ከሆነው ሌላ ማድረግ አይችልም። ይህ ለሒሳቡ ይመቻል፤ ለሥነ ምግባር ግን ቦታ አይተውም፤ መምረጥ የማይችልን ሰው ምን ብለህ ትወቅሰዋለህ?

ቀጥሎ የሚመጣው የግል ጥቅም ክልከላ ነው። ሰኞ ገበያ ላይ ያለ አንድ የእህል ነጋዴ የክረምቱን የጤፍ ዋጋ ሄዶ አይቶ ተመለሰ እንበል። በጥር ከገበሬው ገዛ፣ አከማቸ፣ በነሐሴ በእጥፍ ሸጠ። አልዋሸም፣ ሚዛን አልነካም። ገበሬው ነገሩን ደርሶበት ሲሞግተው፣

«ወላሂ አባባ፣ አንድ ኪሎ አላጎደልኩብዎትም» ይላል።

«ሚዛኑንማ አላጎደልክም ልጄ። ሁለታችንም ሳናውቅ ብንዋዋል ኖሮ ምን ገዶኝ!»

ደንቡ ከሽማግሌው ጋር ነው። እኔም እንደዚያው፤ ግን ማሽን ሳይኖረው በስልክ ብቻ ይህንኑ የሚያደርግ ደላላ ሞልቶ ሳለ የጊዜ ተጓዡን ለይቶ መቅጣት ትንሽ ያስቃል።

ደንቡ በእርግጥ የሚፈተነው ክፉ ቀን ላይ ነው። በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. ወሎ ሲራብ «እይ፣ አትንካ» ብሎ ዳር ቆሞ የሚያይ መንገደኛን ምን እንለዋለን? ብዙ ደራሲዎች እዚህ ላይ አንድ ቀዳዳ ይተዋሉ፦ መንካት ክልክል፣ ማስጠንቀቅ ግን ይፈቀዳል። ወሎ ላይ ይህ አይሠራም። ወሬው ሳይሰማ ቀርቶ አይደለምና። የተራቡ ሰዎች አውራ ጎዳናው ዳር ተሰልፈው፣ መኪና እያስቆሙ እህል ይለምኑ ነበር። ባለሥልጣናቱ ያውቁ ነበር፤ መንግሥት ግን ጉዳዩን ሸሸገው። ከወደፊት የመጣው ሰውዬ የማስጠንቀቂያ ወረቀቱን ይዞ ቢደርስ አንድ ተጨማሪ ባለጉዳይ ይሆን ነበር። ማመልከቻው መዝገብ ቤት ይገባል፣ እሱም «ነገ ይመለሱ» ይባላል። ጥፋት ሁሉ ካለማወቅ የሚመጣ ይመስል «ማስጠንቀቅ ይበቃል» የሚል ደንብ የሰውን ልጅ በደንብ አያውቀውም።

እሺ፣ ማስጠንቀቁን ትተን እህል መጫንም ይፈቀድ። አሁን ደግሞ ሰባ ሰባት ይመጣል። በዚያ ድርቅ ጊዜ መንግሥት ከወሎ፣ ከትግራይና ከሰሜን ሸዋ ወደ 600,000 የሚሆን ሰው ወደ ደቡብና ምዕራብ አሰፈረ፤ ብዙው በግድ። ከወሎ፣ ከቃሉ አካባቢ የተወሰደ ጎረምሳና ከትግራይ የተወሰደች ልጅ መተከል ላይ ተገናኝተው ተጋቡ፣ ሴት ልጅ ወለዱ እንበል። ረሃቡን የሚሰርዝ ሰው እሷንም ይሰርዛል። ፈላስፋው ዴሪክ ፓርፊት በ1984 እ.ኤ.አ. ያነሳው እንቆቅልሽ የዚህ ቅርብ ዘመድ ነው፦ ያ በደል ባይፈጸም ኖሮ ጨርሶ የማይወለድ ሰው በዚያው በደል ተጎዳሁ ማለት ይችላል? የጊዜ ደንብ ጥያቄውን ገልብጦ ይጠይቃል፦ በደሉን ለማጥፋት የዚህችን ሴት ፈቃድ መጠየቅ አለብን?

ደንቡን አጥባቂዎቹ «አዎ፣ አንድ ሰው እንኳ እምቢ ካለ አይነካም» ይላሉ። እኔ በዚህ አልስማማም። ያልተወለደ አይራብም፤ ኮረም ሜዳ ላይ የተኛው ሕፃን ግን ተርቧል። ሆኖም ይህን ፊት ለፊቷ ተቀምጬ፣ ቡና እያፈላችልኝ እንድናገር አትጠይቁኝ። ቢያንስ ደንቡ ከእሷ ተደብቆ የሚወሰን ውሳኔ እንዳይኖር ማዘዝ አለበት፤ ስሟ ይጠራ፣ እሷም ትናገር።

የቀረው ቅጣቱ ነው። ብዙ ታሪኮች አጥፊውን ተመልሶ «እንደነበረ እንዲያደርገው» ይልኩታል፤ ይህ የመጀመሪያውን ጥፋት በሁለተኛ ጥፋት ማከም ነው። ከዚያ ይልቅ የወሎ አበጋሮች፣ ማለትም ባህላዊ አስታራቂ ሽማግሌዎች፣ የደም ነገር የሚይዙበት መንገድ ይሻላል። አበጋር የሞተውን አያስነሳም፣ ያልሆነ ነገርም አያስመስልም፤ ገዳይ ያምናል፣ ካሳ ይከፈላል፣ ሁለቱ ወገኖች ምለው ይታረቃሉ። ስለዚህ እኔ በምጽፈው ደንብ ጊዜን ያበላሸ ሰው ማሽኑን ያስረክባል፣ ወደ መጣበትም ዘመን አይመለስም። እዚያው ባበላሸው ዘመን፣ ከበደላቸው ሰዎች መንደር ተቀምጦ ካሳውን ሠርቶ ይከፍላል።